ዶና ኦርቴንሲያ ለአንድ አዳር ትመለስልን

ለክቡር ዶክተር ኤርሜቴ ፎሳቲ፣ የአውራጃችን ሙዚየም ዋና ዳይሬክተር፤

ክቡርነትዎ ከመላ ቤተሰብዎ ጋር እንደምን ከረሙ? የእኛን ጤና ለጠየቁ እንደሆነ፣ ጉልበቴ የመንደራችንን የቫልሞራን ዳገት እምቢ ካለኝ ሰንብቷል፤ ባለቤቴ ኦርሶላም አልጋ ላይ ናት፣ ሐኪሙ መድኃኒቱን አቁሞ «ያማራትን ስጧት» ብሎ ሄዷል።

አንደኛ፣ የዶና ኦርቴንሲያን ሥዕል «ማን እንደሳላት አጥንተን ለፋሲካ እንመልሳታለን» ብለው ከቀብር ማኅበራችን አዳራሽ ስለወሰዱልን እጅግ እናመሰግናለን፤ ከዚያ ወዲህ ስንት ፋሲካ እንዳለፈ መቁጠሩን ትቼዋለሁ። እኛ ያልተማርነው ያቺን ጥቁር ለባሽ ሴትዮ ማን እንደሳላት ሳንጠይቅ ከቅድመ አያቶቻችን ጀምሮ አብረናት ኖረናል። ከሰፈራችን ሰው ሲሞት ተሸክመን ወስደን ከራስጌው እናቆማታለን፣ ሬሳውን ስትጠብቅ ታድራለች፣ ሲነጋ ወደ ግድግዳዋ ትመለሳለች። ሥራዋ ይኸው ነበር።

ሁለተኛ፣ የታላቅ ሰዓሊ የእጅ ሥራ ናት ብለው ያወጁ ዕለት ደወል ደውለን ወይን ጠጣን፤ ወዲያው ግን እንዲህ ያለ ውድ ነገር ከሬሳ ራስጌ አይቆምም ተባልን። እሺ አልን፣ ምን እናድርግ? ቆየት ብሎ የእሱ ሳትሆን የደቀ መዝሙሩ ናት አሉ፣ ደግሞም ደቀ መዝሙሩን ያስመሰለ ሰው ሥራ ናት አሉ፣ ዘንድሮ «ሰዓሊው ያልታወቀ» ተብላ ምድር ቤት ወርዳለች። ከረከሰችማ ስጡን ብንል፣ ጥናቱ አላለቀም ተባልን። ስትወደድ በውድነቷ፣ ስትረክስም በርካሽነቷ መከልከል የሊቅ ብልሃት ነውና አደነቅን፤ ላም አለኝ በሰማይ፣ ወተቷንም አላይ ማለት ይኸው ነው።

ሦስተኛ፣ አጥበው ስላነጿት እግዜር ይስጥልን። ዘገባዎ «የሻማ ጥቀርሻና ባዕድ ቆሻሻ ተወግዷል» ይላል። ያ ቆሻሻ በእናቶቻችንና በአባቶቻችን ራስጌ የነደደው ሻማ ነበር።

አራተኛም አምስተኛም ነበረኝ፤ ደከመኝ፣ ይቅር።

ኦርሶላ በሩ በተንቋቋ ቁጥር «ቪርጂኒዮ፣ መጣች እንዴ?» ትለኛለች። «ነገ ትመጣለች» ስላት «አንተም እንደ ሙዚየም ሰዎቹ መዋሸት ለመድክ አይደል!» ብላ ትስቅብኝ ነበር። ትላንት ግን አልሳቀችም። «እና እኔ ብቻዬን ልደር ነው?» አለችኝ፤ የትራሷን ጫፍ አስተካከልኩላት። ክቡር ሆይ፣ ከሞቱ አሟሟቱ ይባላል። የምለምንዎ አንድ አዳር ብቻ ነው፤ ሲነጋ እኔው ራሴ፣ በዚሁ ጉልበቴ፣ ተሸክሜ ከደጃፍዎ አደርሳታለሁ።

የክቡርነትዎን ጥናት ሲጠባበቅ ያረጀ፣ አሁንም ከወገቡ ዝቅ ብሎ እጅ የሚነሣ ታዛዥዎ፤

ቪርጂኒዮ ታሴሊ
የቫልሞራ ቀብር ማኅበር የመጨረሻው ተሸካሚ

ይድረስ ለጥናትዎ፦ ከሥዕሏ ቀኝ ጥግ «ምንጩ ያልታወቀ የሰም ጠብታ» ተፍቆ መነሣቱን ከዘገባዎ አነበብኩ። ሰዓሊውን እኔም አላውቀውም፤ የሰሙን ምንጭ ግን አውቃለሁ። አያትዎ ወይዘሮ ዜልንዳ እዚሁ ቫልሞራ ያረፉ ዕለት የነጠበ ነው፤ ሻማውን የያዙት አባትዎ ነበሩ፣ እንባ ጋርዷቸው ሻማው መዘንበሉን አላዩም ነበር። አያትዎ ብቻቸውን አላደሩም።