ቅርፊቱን ስለሚጥለው ዛፍና ስለ ቀይ ምልክትዎ

ለተከበሩ የከተማው የአረንጓዴና ውበት ጽሕፈት ቤት ኃላፊ፣
ባሉበት፤

ከሁሉ አስቀድሜ ለእርስዎም፣ ለወንበርዎም፣ በመስኮትዎ ላይ ለተቀመጠው የፕላስቲክ አበባም ጤና እመኛለሁ። ጉዳይ ለማስፈጸም በተመላለስኩባቸው አራት ዓመታት አንዲት ቅጠል ሲጥል አላየሁም፤ ከተክሎችዎ ሁሉ ደህና የተያዘው እሱ ነው።

የምጽፍልዎ በአክስቴ በር ላይ ስላለው ዛፍ ነው። ከሩቅ አገር ብርዳማ ደን የመጣ የአደስ ዘመድ ሲሆን፣ ክረምት ከበጋ ለምለም ነው፤ ግንዱም በጠራራ ፀሐይ እንኳ ሲዳሰስ ይቀዘቅዛል። ቀረፋ የመሰለው ቅርፊቱ ግን በየጊዜው እየተላጠ ይወድቃል፤ ተፈጥሮው ነው። አክስቴና ባለቤታቸው ሲተክሉት ቁመቱ ክንድ አይሞላም ነበር። ዛሬ ባለቤታቸው የሉም፤ የአክስቴም ዓይን ደክሟል፤ ከመንገድ ሲመለሱ በራቸውን የሚያገኙት ያንን ቀዝቃዛ ግንድ ዳብሰው ነው።

ቅሬታዬን ከነምስጋናው በቁጥር አቀርባለሁ፦

፩. ባለሙያዎ መነጽራቸውን ከግንባራቸው ሳያወርዱ ዛፉን «የቆዳ በሽተኛ» ብለው ስለመዘገቡልን አመሰግናለሁ። ሐኪም ባለመሆናቸውም ፈጣሪ ይመስገን፤ ልብሱን ሲያወልቅ ያዩትን ሁሉ ለቀብር ይጽፉት ነበር።

፪. ይቆረጥ ተብሎ ቀይ ምልክት ተቀባ። በሦስተኛው ሳምንት ዛፉ ምልክቱን ከነቅርፊቱ አውልቆ ጣለው። ቆራጮችዎ መጋዝ ተሸክመው መጡ፣ ምልክቱን ፈለጉ፣ አጡ፤ ላም ባልዋለበት ኩበት ለቀማ ሆነባቸው። አለቃቸው «እማማ፣ ቀዩን ማን ፋቀው?» ቢሏቸው፣ አክስቴ «ዛፉን ጠይቀው ልጄ፤ እኔ እንኳን ቀይህን አንተንም አላየሁህ» ብለው ሸኟቸው።

፫. ዳግመኛ ተቀባ፤ ዳግመኛ ጣለው። በዚህ ጊዜ ጽሕፈት ቤትዎ «የመንግሥት ምልክት አጥፍተዋል» ሲል ለአክስቴ ማስጠንቀቂያ ጻፈ። ዓይናቸው ለደከመ አዛውንት በዚያ ደቃቅ ፊደል መጻፉን እንደ አክብሮት ቆጥረነዋል። ሳነብላቸው እስኪያስላቸው ሳቁ። ከዚያ ግን «እሱ ከተቆረጠ ቤቴን በምን አውቀዋለሁ?» አሉኝ። ጥያቄው ከሥልጣኔ በላይ ስለሆነ ወደ እርስዎ መርቼዋለሁ።

፬. የፊታችን ሐሙስ ሦስተኛው ቀለም እንደሚመጣ ሰምተናል። ከቀለሙ በፊት እርስዎ ራስዎ መጥተው እጅዎን ግንዱ ላይ አንዴ ቢያሳርፉልን፣ ምናልባት ጤነኛ ነገር ሲነካ ምን እንደሚመስል ለጽሕፈት ቤቱ ልምድ ይሆናል።

ጥላው ሳይነሳ ከሥሩ ተቀምጬ፣ ባርኔጣዬን አውልቄ፣ እስከ መሬት ዝቅ ብዬ እጅ የምነሳ፣
የሰፈሩ ነዋሪ፣ የአክስቱም ደብዳቤ አንባቢ

ድኅረ ጽሑፍ፦ የትእዛዝዎ ቃል «ቀይ ምልክት ያረፈበት ተቆርጦ ይወገድ» ይላል። ቀይ ምልክት ያረፈባቸው ሁለቱም ቅርፊቶች ከዛፉ ተወግደው በዚህ ፖስታ ውስጥ ተያይዘዋል፤ ፋይሉ ይዘጋልን። «ተቆርጦ» የሚለው ቃል ካስጨነቀዎ፣ መቀስ ይበቃዎታል።