ስሙ ውስጥ የሌለው ጠጉር

ማክሰኞ፣ ግንቦት 8

ጠጉሩ ተበጠሰ። የበጠስኩት እኔ ነኝ። በጥፍሬ ነካ ብቻ ነው ያደረግሁት። መርፌው አንዴ ተንቀጠቀጠና ቁልቁል ወድቆ ቀረ።

ወንድሜ ታረቀኝ ዐሥራ አንድ ወር ሙሉ፣ በቀን ሦስት ጊዜ፣ ከዐለት በተፈለፈለው ቤተ ክርስቲያናችን ውስጥ ያለውን ሃይግሮሜትር ያነብ ነበር። የቀጠሩት ከአዲስ አበባ የሚመጡት ኢንጂነር ናቸው። ሥዕሉ ከግድግዳው ላይ ለምን እንደሚላጥ ለማወቅ የአየሩ እርጥበት አንድ ዓመት ሳይቋረጥ መመዝገብ አለበት ብለው። የዳግማይ ትንሣኤ ዕለት ታረቀኝ ጋሸና ሲሄድ "እስክመለስ አንብብልኝ" ብሎኝ ነበር። በማግስቱ ሲመለስ የተሳፈረበት የጭነት መኪና ተገለበጠ። እኔም ማንበቤን አላቆምኩም። የተቀበረ ቀን እንኳ ሦስቴ አንብቤአለሁ።

ዓመቱ ሊሞላ ሦስት ሳምንት ቀርቶታል። ኢንጂነሩ ሰኞ ይመጣሉ። አሁን መሣሪያው ሞቷል።

ለምን ከፈትኩት? ለቤት ሥራ። የፊዚክስ መምህራችን የሚያስተምረን የፕላዝማ ቴሌቪዥን መብራት ሲጠፋበት ጊዜ አገኙና፣ "እያንዳንዳችሁ አንድ መለኪያ መሣሪያ ምረጡ፤ ስሙ ከየት እንደመጣና ምን ማለት እንደሆነ ዓርብ ትነግሩናላችሁ" አሉን። ቴርሞሜትርንና ባሮሜትርን ቀድመው ወሰዱብኝ። እኔ ሃይግሮሜትር አልኩ። ከጎኔ የሚቀመጠው ደምሌ "ይኼማ በሽታ ነው የሚመስል፤ ወንድምህ ይኼን ይዞት ነበር?" አለና ወዲያው ደነገጠ። ይቅርታ አለኝ። ምንም አይደል አልኩት።

ውስጡን ካላየሁ ስሙ አይገባኝም ብዬ መስታወቱን ከፈትኩ። ሞተር ያለው መስሎኝ ነበር። ሽቦ፣ ባትሪ፣ አንድ ነገር። ያየሁት አንዲት ጠጉር ነው። ከላይ በብሎን ታስራ ከታች መርፌውን የያዘች፣ ቀጭን፣ ቀላ ያለች ጠጉር። ሌላ ምንም የለም። ወንድሜ ዓመቱን ሙሉ እየተመላለሰ ሲሰማ የኖረው የአንዲት ጠጉር ነገር ነው።

ማታ መዝገቡ ላይ 61 ብዬ ጻፍኩ። መርፌው ምንም አላለም። ትናንት 61 ስለነበረ ነው።

ረቡዕ፣ ግንቦት 9

ጠዋት 60። ቀን 58። ማታ 60። ሁሉም ውሸት።

የታረቀኝ ቁጥሮች ቀጥ ያሉ ናቸው፣ የኔ ያዘነበሉ። ውሸቱ ከእጅ ጽሑፉ የሚታወቅ እየመሰለኝ መዝገቡን ቶሎ ዘጋሁት።

ከክፍል በኋላ መምህሩን ተከትዬ ጠየቅኋቸው። "ሃይግሮስ" በግሪክ እርጥብ ማለት ነው፤ "ሜትሮን" መለኪያ።

"ስሙን ያወጡት ግሪኮች ናቸው?" አልኩ።

"አይደሉም። መሣሪያው ከግሪኮቹ ብዙ ዘመን በኋላ የመጣ ነው። የሠሩት የሌላ አገር ሰዎች ናቸው። ለአዲስ ነገር ስም ሲቸግራቸው ከጥንቱ ቋንቋ ወሰዱ፤ እኛ ከግእዝ እንደምንወስደው።"

ከጠጉር በፊት በገመድ፣ በበግ ጠጉርም ይለኩ እንደነበር ነገሩኝ። የሰው ጠጉር ሲረጥብ ይረዝማል፤ ሲደርቅ ያጥራል። በዓይን በማይታይ ልክ። መርፌው ያቺን ታህል አጉልቶ ያሳያል።

"ያንተም ጠጉር እንደዚያው ነው። እየረዘመና እያጠረ ነው የሚውለው፤ አንተ አታውቀውም" ብለው ራሴን ነካ አደረጉኝ።

መንገዱን ሁሉ ይኼን ሳስብ መጣሁ። ገበያተኛው ሲያልፍ ጭንቅላት ጭንቅላቱን አየሁ። ሰው ሁሉ መለኪያ ተሸክሞ ነው የሚሄደው፣ ማንም ግን አያነበው።

መበጠሱን ለመምህሩ አልነገርኳቸውም። የሚመረጠው ረጅምና ቀጭን የሴት ጠጉር ነው አሉ። ከማን ላገኝ እችላለሁ?

የኔ፦ አጭር ነው። ትምህርት ቤት ማሳደግ ተከልክሏል።
እህት፦ የለኝም።
የክፍላችን ሴቶች፦ አንዷን ጠጉርሽን ስጪኝ ብላት እስከ ማታ ድረስ "መስተፋቅር ሊያሠራ ነው" ተብሎ አገር ይሰማል። ወንድሞቿም አሉ።
እማዬ፦ ተላጭታለች።

የተላጨችው ጠጉር ግን የት ነው?

ሐሙስ፣ ግንቦት 10

ጠዋት ቁልፉን የሚይዙት ቄሰ ገበዙ ከኋላዬ መጥተው ቆሙ። ጨለማውን ስለለመዱት ከኔ ቀድመው ነው የሚያዩ።

"ይኼ ሰዓታችሁ ተኛሳ። እሱም ሐዘን ተቀመጠ?" አሉኝ።

"ሰዓት አይደለም አባ። ሃይግሮሜትር ነው።"

"ወንድምህም ስሙን ነግሮኝ ነበር። ምላሴ አልያዘው አለ። ምን ማለት ነው?"

የተማርኩትን ነገርኳቸው። አገጫቸውን ይዘው ሰሙ።

"እርጥብ፣ መለኪያ። ታዲያ ግሪክ ድረስ ምን አስኬዳቸው? መስፈርተ ርጥበት ማለት ነው። እዚሁ ነበር።" ከዚያ ሳቅ አሉ። "ደግሞ አዲስ ነገር አይምሰልህ። በመጽሐፉ ያለው የጥንቱ መስፍን የበግ ጠጉር ባዘቶ አውድማ ላይ አስጥቶ በጤዛው አይደል ፈቃድ የጠየቀ? አንድ ቀን ጠጉሩ ረጠበ፣ ምድሩ ደረቀ። ሌላ ቀን ምድሩ ረጠበ፣ ጠጉሩ ደረቀ። እሱም የመስፍን ሃ... ምን አልከው?"

"ሃይግሮሜትር።"

"እሱ ነው።"

ይኼን ታሪክ ከልጅነቴ ጀምሮ ሰምቸዋለሁ። እንዲህ አድርጌ ግን ሰምቸው አላውቅም። መስፍኑ ጠጉሩን ጨምቆ ውኃውን በቆሬ ሲሰፍር ታየኝ። መለካቱ እኮ ነው። የመምህሩ ገመድና የበግ ጠጉር፣ የቄሰ ገበዙ ባዘቶ፣ የኛ መስታወት ሳጥን፣ ሁሉም አንድ ዘር ናቸው።

የበጠስኩት እኔ ነኝ አልኳቸው። አላናደዳቸውም። "አንቱ ለኢንጂነሩ እንዳይነግሩብኝ" ስል ግን ፊታቸው ተለወጠ። "እኔ ምን አገባኝ። አንተ ትነግራለህ እንጂ" ብለው ሄዱ። ከዚያ በኋላ ውሸት መጻፍ አልቻልኩም። የዛሬውን ባዶ ተውኩት።

ከትምህርት ቤት ስመለስ እማዬ መደቡ ላይ እንደተቀመጠች ናት። ነጠላዋን ግንባሯ ድረስ ስባዋለች። ሁለት ሳምንት ሆናት፤ ሰው ካልጠየቃት አትናገርም።

"እማዬ፣ ጠጉርሽ የት ነው?"

ብዙ አየችኝ። "ምን ልታደርገው?"

ነገርኳት። ስለ መርፌው፣ ስለ ሰኞ፣ ስለ ታረቀኝ ዓመት።

"የልጄ መሣሪያ ጠጉር ነበረው?"

"አንዲት።"

"የማን?"

"አላውቅም። የፈረንጅ ሴት ትሆናለች። ቀላ ያለ ነው።"

ነጠላዋን ከግንባሯ ገፋ አደረገች። ከዚያ፣ "እሷስ ለማን ተላጭታ ይሆን?" አለች።

ለሽያጭ ይሆናል፣ ፋብሪካ ይሆናል ልላት ነበር። አላልኳትም። እማዬ ሴት ጠጉሯን የምትቆርጥበት ሌላ ምክንያት አልታያትም። ምናልባትም ልክ ናት። አንዲት የማላውቃት እናት ዐሥራ አንድ ወር ከኛ ሥዕሎች ፊት ቆማ ነበር ማለት ነው፣ እኔም በጥፍሬ ገፋኋት።

እማዬ ተነስታ ከግድግዳው ስንጥቅ የተቋጠረ ጨርቅ አወጣች። ሰው እንዳይረግጠው ያኖረችው ነው። ፈታ ሰጠችኝ። ከላዩ ያለው ሽበት ነው። ከሁለት ሳምንት በፊት ይኼን ያህል ሽበት እንደነበራት አላውቅም ነበር።

ዓርብ፣ ግንቦት 11

አልሠራም።

ከትምህርት በፊት ሄጄ ረጅሟን መርጬ አሰርኩ። ሦስት ጊዜ ሾለከችብኝ፣ በአራተኛው ብሎኑ ያዘ። የታረቀኝ ደብተር ላይ መሞከሪያው ተጽፏል፦ ሳጥኑን እርጥብ ጨርቅ አልብሰህ ጠብቅ፤ መርፌው ወደ 95 መውጣት አለበት። አለበስኩት። ጠበቅኩ። መርፌው አልነቃ አለ። ደወል ሊያመልጠኝ ሲል ሮጥኩ።

ክፍል ውስጥ ተራዬ ደረሰ። እርጥቡንም፣ መለኪያውንም፣ ገመዱንም፣ ባዘቶውንም ተናገርኩ። መስፈርተ ርጥበት ስል መምህሩ ሰሌዳው ላይ ጻፉት። እንዳልሰናከል ፈርቼ ነበር፣ አልተሰናከልኩም። ልቀመጥ ስል ደምሌ እጁን አወጣ።

"ጠጉሩስ? ስሙ ውስጥ የታለ?"

እርጥብ አለ፣ መለኪያ አለ። ሥራውን ሁሉ የምትሠራው ጠጉር የለችም። መምህሩም "እውነቱን ነው፣ የለችም" አሉ።

ቤት ስገባ እማዬ ሳልጠይቃት ተናገረች። "መሣሪያው ተናገረ?" አለችኝ።

"አልተናገረም።"

አንድ ጠጉር አንስታ በሁለት ጣቷ አሸችው። አሸተተችው።

"አይ አንተ። ለፋሲካ የተቀባሁት ቅቤ መች ለቀቀው? ቅቤ የጠጣ ጠጉር ውኃ ይጠጣል?"

ሁለት ሳምንት ሙሉ ያላየሁትን አየሁ፤ ከንፈሯ ዳር ላይ ትንሽ ነገር። ወዲያው ጠፋ። "እንዶድ አምጣ" አለችኝ።

እሑድ፣ ግንቦት 13

ትናንት እማዬ እንዶዱን ራሷ ወቀጠችው። ጎረቤት "ተይ እኛ እናድርገው" ቢላትም እምቢ አለች። ጠጉሩን ሦስት ጊዜ አጠበችው። በመጨረሻ በአመድ ውኃ። ከዚያ ነጭ ጨርቅ ላይ አንድ በአንድ ዘረጋችው። ሲደርቅ ሻካራና ቀላል ሆነ፣ ትንፋሽ የሚወስደው።

ዛሬ ከቅዳሴ በኋላ አሰርኩት። ጥቁሩን ልመርጥ ነበር፤ ረጅሙ ሽበቱ ሆነ። ሳጥኑን እርጥብ ነጠላ አለበስኩና ቁጭ አልኩ።

40። ዓይኔ መስሎኝ ነበር።
52።
70።
81።

ማንም አልነካውም። ድምፅ የለውም። ከእማዬ ራስ የወረደ አንድ ሽበት በጨለማ ውስጥ ውኃ እየጠጣ ይረዝማል፣ መርፌው ይወጣል። 93 ላይ ቆመ። ብሎኑን በጥቂቱ አዙሬ 95 አደረግሁት። ነጠላውን ስገፍፍ ቀስ እያለ ተመለሰ፣ ሰው ደረጃ እንደሚወርድ። ቤተ ክርስቲያኑን ከአንድ ዐለት የፈለፈሉት ሰዎች ምን ተሰምቷቸው እንደነበር አላውቅም። እኔ ግን ተንበርክኬ ነው ያገኘሁት ራሴን።

ከዚያ መዝገቡን ከፈትኩ። አራቱን የውሸት ቁጥሮች በአንድ አንድ መስመር ሰረዝኳቸው። አጠገባቸው "አላነበብኩም። ጠጉሩን በጥሼው ነበር" ብዬ ጻፍኩ። ሰኞ ምን እንደሚሉኝ አላውቅም። ዓመቱን ሁሉ ቢጥሉትስ? የታረቀኝን ዓመት?

ሰኞ፣ ግንቦት 14

ኢንጂነሩ መጡ። መጀመሪያ ስለ ታረቀኝ አጽናኑኝ። መሞቱን የሰሙት ገና ያኔ ነው። እኔ ግን ቶሎ ልናገረው ብዬ በመሃል ገባሁ። ሁሉንም ነገርኳቸው። ቅቤውን ሳይቀር።

መዝገቡን ይዘው ወደ በሩ ብርሃን ወጡ። ገጽ ገጹን አዩ። የተሰረዙት ላይ ሲደርሱ ጣታቸውን አኖሩ። ከዚያ ወደ ኋላ ገልጠው የነሐሴን ገጽ አሳዩኝ። ሦስት ባዶ ቦታ አለ። በታረቀኝ ቀጥ ያለ ጽሕፈት፣ "ታምሜ አልመጣሁም" ይላል። አላየሁትም ነበር።

"እነዚህን አራቱን ባትሰርዝ ኖሮ የሱንም ሁሉ አላምንም ነበር" አሉኝ። አልተቆጡም፣ ፈገግም አላሉም።

ከቦርሳቸው ሁለት ቴርሞሜትር አንድ ላይ የታሰረበት ነገር አወጡ። የአንዱ ጫፍ እርጥብ ጨርቅ ለብሷል። እንደ ወንጭፍ አሽከረከሩት። ቄሰ ገበዙ "ይኼስ በማን ላይ ነው?" ብለው ከበሩ ሸሹ። የሁለቱን ቴርሞሜትር ልዩነት ሠንጠረዥ ላይ ሲያዩት የኢንጂነሩ 63 ሆነ፣ የእማዬ ጠጉር 67።

"አራት ነው ልዩነቱ። አዲስ ጠጉር ጊዜ ይፈልጋል። ሁለት ሳምንት በሁለቱም አንብብ። ልዩነቱ ከጸና አርመን እንይዘዋለን፣ ዓመቱም ዓመት ነው። ካልጸና ሌላ መሣሪያ አምጥተን እንደገና እንጀምራለን።"

"የመጀመሪያዋ ጠጉር የማን ነበረች?" ብዬ ጠየቅኋቸው።

"የማን?" አሉ። ገባቸውና፣ "እሱን ማንም አልጠየቀኝም። አላውቅም" አሉ።

ወንጭፉን ከነሠንጠረዡ ትተውልኝ ሄዱ።

ረቡዕ፣ ግንቦት 16

ትናንት ልዩነቱ አራት። ዛሬ ጠዋት አምስት። ቀን አራት። ይጸናል አይጸናም፣ አላውቅም።

ዛሬ ኪዳነ ምሕረት ናት። እማዬ ከቀብሩ ወዲህ ለመጀመሪያ ጊዜ ቤተ ክርስቲያን መጣች። ሰው ሲወጣ እሷ በሴቶች መቆሚያ በኩል ቀረች። "አሳየኝ" አለች። ጧፍ አላበራሁም፣ ሙቀቱ ያውከዋል። እጇን ይዤ በጨለማው መራኋት። ዓይኗ እስኪለምድ ጠበቅን።

መስታወቱን ከፈትኩላት። ጎንበስ ብላ አየችው። የራሷ ጠጉር መሆኑን ስታይ ቀረበች፣ በጣም ቀረበች። መርፌው ተነሳ። 66፣ 70፣ 74። እማዬ ደንግጣ ወደ ኋላ አለችና አፏን በነጠላዋ ያዘች።

"አበላሸሁት?"

"አይ እማዬ። ትንፋሽሽ ነው።"

"ትንፋሼን አወቀው?"

"አወቀው።"

"ይኼም ይጻፋል?"

መዝገቡ ላይ ለዚህ የሚሆን ቦታ የለም። አይጻፍም አልኳት። አፏን እንደያዘች ከኔ ጋር ቆመች። ሁለታችንም ቀስ ብለን ተነፈስን። መርፌው እስኪወርድ ብዙ ጠበቅን። 65 ላይ ሲቆም ጻፍኩት።