ለሌለው ፎቃችን ስለተሰጠን የቴምብር ቀረጥ ግምት

ለተከበሩ የንብረት ግምትና የቴምብር ቀረጥ ቢሮ ኃላፊ፣

ከሁሉ አስቀድሜ እርስዎም፣ ቤተሰብዎም፣ ከመስኮቱ ጀርባ ያሉት ሠራተኞችዎም ጤናችሁ ተጠብቆ፣ ወንበራችሁ ሞቆ እንድትኖሩ እመኛለሁ። እኔ የተማሪ ዩኒፎርም እየሰፋሁ የምተዳደር ሴት ነኝ። የምኖርባትን ባለ ሁለት ክፍል ቤት የገዛት ታላቅ ወንድሜ የከባድ መኪና ሹፌር ነበር፤ እናታችንን እስከ መጨረሻዋ ያስታመምኩባት ግን እኔ ነኝ። ወንድሜ ኩላሊቱን ከታመመ በኋላ በሕይወት እያለ ቤቷን በስሜ ሊያዞርልኝ ፈለገ፤ ከመጀመሪያ ትዳሩ የወለዳቸው ልጆች እኔን በስም ካልሆነ በመልክ እንደማያውቁኝ ያውቅ ነበርና። የቀረው የቴምብር ቀረጡን መክፈል ብቻ ስለነበር ከክቡር ቢሮዎ ጋር ለመተዋወቅ በቃን። ስለተደረገልን ሁሉ ምስጋናዬን በቅደም ተከተል ላቅርብ።

አንደኛ፣ ገማች ባለሙያዎ ቤታችንን ሊያዩ መጥተው ከመኪናቸው ሳይወርዱ በመመለሳቸው አመሰግናለሁ፤ ጫማቸውን ጭቃ አልነካውም። ከጣሪያችን በላይ ብቅ ያለውን የጀርባ ጎረቤታችንን ፎቅ የእኛ ነው ብለው መዘገቡልን፣ ቀረጡም አብሮ ወጣ። ላም አለኝ በሰማይ ሲባል እሰማ ነበር፤ ፎቅ አለኝ በሰማይ ማለትን ያስተማረኝ የእርስዎ ቢሮ ነው። ለወንድሜ ስነግረው ከአልጋው ሆኖ ሳቀና "እንግዲያውስ ፎቁ ላይ አስተኚኛ፣ እዚያ አየር አይጠፋም" አለኝ። ከዚያ በኋላ ሲስቅ አላየሁትም።

ሁለተኛ፣ ቅሬታ የሚያቀርብ ሰው የማያምንበትን ቀረጥ ግማሹን አስቀድሞ ማስያዝ እንዳለበት ስላስረዳችሁኝ አመሰግናለሁ። ከሁለቱ የስፌት መኪናዎቼ ደኅናዋን ሸጬ አስያዝኩ። ግምቱ በምን ስሌት እንደተሠራ ብጠይቅ የውስጥ ሰነድ ስለሆነ ለባለጉዳይ አይታይም ተባልኩ።

ሦስተኛ፣ ቅሬታ ሰሚ ኮሚቴው ፊት ስቀርብ ሰብሳቢው እኚያው ገማች ባለሙያ ሆነው በማግኘቴ የማውቀው ሰው አላጣሁም። አንድ ጊዜ ብቻ መጥታችሁ ቤቷን እዩልኝ ብዬ ለመንኩ። ኮሚቴው ከቢሮ እንደማይወጣ፣ ባለሙያው ያዩት ትክክል መሆኑንም ባለሙያው ራሳቸው እንዳረጋገጡ ተነገረኝ። ክቡርነትዎ፣ ከዚያ ክፍል ወጥቼ የቢሮዎ ደረጃ ላይ ቁጭ ብዬ አለቀስኩ። ጥበቃው ለባለጉዳይ መንገድ ልቀቂ ሲለኝም ባለጉዳይ ነኝ ለማለት አፈርኩ።

ከዚህ በኋላ ቁጥር መስጠቱን ልተወው። የበላይ አለቆችዎ ዘንድ ደጅ ስጠና፣ ቀጠሮውም ዛሬ ነገ ሲባል ወንድሜ ሞተ። እጄን ይዞ ስለ ቤቷ ጠይቆኝ ነበር፤ አልቋል ብዬ ዋሸሁት። የሞተ ሰው ስም ማዞር አይችልምና መዝገባችን ተዘጋ። ቤቷን የሚያይ ሰው ይላክ ተብሎ የተወሰነው ከቀብሩ በኋላ ነው። ጅብ ከሄደ ውሻ ጮኸ ማለት ድፍረት ስለሚሆንብኝ አልለውም።

ልጆቹ ክፉዎች አይደሉም። ቤቷን ሊሸጧት ስለሆነ እስከ ወሩ መጨረሻ ጊዜ ሰጥተውኛል። የሚሆነው ሆኗልና ለራሴ የምጠይቅዎ የለም። ከእኔ በኋላ ለሚመጣው ግን ገማቹ በሩን ያንኳኩለት፣ ስሌቱን ያሳዩት፣ ቅሬታውንም ሌላ ሰው ይስማለት።

ጫማዎ ከጭቃ፣ ጆሮዎ ከአቤቱታ ተጠብቆ እንዲኖር ከልቧ የምትመኝልዎ፣
በመዝገብዎ ባለፎቅ የሆነችው ልብስ ሰፊ

ማስታወሻ፦ ባለሙያዎ በሐዘናችን ሰሞን መጥተው ለመጀመሪያ ጊዜ ወደ ውስጥ ገቡ። በለቀስተኛው መካከል ወዲያ ወዲህ ብለው ወደ ፎቅ የሚያስወጣውን ደረጃ ፈለጉ፣ አጡት። ትናንት የደረሰኝ ደብዳቤ ታዲያ ፎቁ ያለ ፈቃድ ስለፈረሰ ቅጣት ክፈዪ ይላል። በዚህ ቤት የፈረሰ ነገር መኖሩን አልክድም፤ ፎቅ ግን አልነበረም።