ማኅተም ያረፈበት ስሜ

ጅማ፣ ጥቅምት 12 ቀን 1975 ዓ.ም.

ለሕግ ባለሙያዎች በየሳምንቱ የሚታተመው መጽሔት ዛሬ ፍርድ ቤታችን ደረሰ። ስለ አጋሮው የቡና ማስጫ ክርክር የጻፍኩት ወጥቷል፤ በጥብቅና ዘመኔ የመጀመሪያው ጽሑፌ። የመዝገብ ቤቷ እትዬ ዘይነባ ግን ለገባ ወረቀት ሁሉ እንደሚያደርጉት ገጽ በገጽ ማኅተም መትተውበታል፤ የኔን ገጽ ልክ ስሜ ላይ።

ገጹን ለዳኛው አሳይቼ «ይህ ጽሑፍ የኔ ነው» አልኳቸው።

«ስሙ አይነበብም። ማስረጃ አለህ?» አሉ፣ ፊታቸው ሳይፈታ።

ደንበኞቼን ባዶ እጃችሁን አትምጡ እያልኩ የምገስጽ ሰው ነኝ።

እትዬ ዘይነባ ከመዝገባቸው ቀና አሉ። «ወላሂ የሱ ነው። አንድ ዓረፍተ ነገር ጀምሮ ገጹ እስኪያልቅ የማይጨርሰው ጠበቃ እዚህ አገር ሌላ የለም።»

ዳኛው ጥቂት አነበቡና ምስክርነቱን ተቀበሉ። እጄንም ጨበጡ። ተሰድቤ እንዲህ ደስ ብሎኝ አያውቅም።