የኮሌታው ወረቀት

ጥር 9
ሦስት ሱሪ አሳጠርኩ፣ አንድ ዚፕ ቀየርኩ። ከሰዓት የፍርድ ቤት መጥሪያ መጣ። ጋሼ ከሶኛል! አከራዬ... አሥራ ዘጠኝ ዓመት የሰፋሁበትን ሱቅ ልቀቅ ነው ነገሩ። «ከሦስት ወር በፊት በጽሑፍ አስታውቄዋለሁ» ይላል። መቼ? የት? ደሜ ፈላ።

ጥር 10
ጠበቃ አናገርኩ። «ውሉ ማስታወቂያ ይድረሰው ይላል። ካልደረሰህ ክሱ ይወድቃል» አለኝ። እፎይ። አልደረሰኝማ!

ጥር 23
ችሎት ቀረብን። ጋሼ ከዘራውን ተደግፎ፣ «በገዛ እጄ በበሩ ስር አስገብቻለሁ» አለ። እኔም ምዬ፣ «ውሸት ነው» አልኩ። ሰፈርተኛው ሁሉ እየሰማ። አንገቱን ደፋ፤ ልጁ እጁን ይዛ አወጣችው። እውነቱን ልጻፍ፣ ደስ አለኝ።

የካቲት 2
ሰፈሩ «በስተርጅና ቀጣፊ» ይለዋል። ዳቦ ቤት ሰላም የሚለው ጠፋ አሉ። የእጁን አገኘ።

የካቲት 6
ምነው እጄን በቆረጠው!
የኮሌታ ልክ ስፈልግ ምስማሩ ላይ የተንጠለጠሉትን ወረቀቶች አወረድኩ። ጠንካራ ወረቀት ካገኘሁ ለልክ ሳልቆርጠው አላልፍም፤ የቀን መቁጠሪያም ቢሆን መቀስ አስገባበታለሁ። አንዱን ገለበጥኩት። የጋሼ ፊርማ። ከላዩ «...ሱቁን እንድትለቅ...»። የቀረውን ቆርጬ ጥዬዋለሁ። ቀኑ ግን አለ። ልክ እሱ ያለው ቀን።
ትዝ አለኝ። መነጽሬ የተሰበረ ሰሞን ነው። ከበሩ ስር አነሳሁት፤ የሸቀጥ ማስታወቂያ መስሎኝ ሳላነብ ቆረጥኩት።
ለሚስቴ አሳየኋት። ወረቀቱን መለሰችልኝ።
«አቃጥለው። ማን አየ?»
«እኔ።»
«ልጆቹስ ምን ይብሉ?»
ወረቀቱን ኪሴ ከተትኩ።

የካቲት 14
ጠበቃው ደወለ። ነገ ውሳኔ ነው፣ አሸንፈናል አለ። እሺ አልኩት... ምን እሺ?

የካቲት 15
ውሳኔው ሊነበብ ሲል ተነሳሁ። ጠበቃው ኮቴን ጎተተኝ። ወረቀቱን ሰጠሁ። ዳኛዋ አገላብጠው አዩት።
«ያን ቀን ለምን አልተናገርክም?»
«ያን ቀን አላውቅም ነበር። አሁን ግን አውቃለሁ። እሳቸው አልዋሹም።»
በሠላሳ ቀን እንድለቅ ተፈረደ። ጋሼ ዞሮም አላየኝ።

መጋቢት 20
ሱቁን ካስረከብኩ አምስት ቀኔ። የስፌት መኪናው መኝታ ቤት ገብቷል። ደንበኛው ከግማሽ በታች ነው። ሚስቴ ከ«እራት ቀርቧል» ሌላ አታናግረኝም። አልፈርድባትም።
ዛሬ ክር ልገዛ ስወጣ ጋሼ ደጃፉ ላይ ተቀምጧል። መንገድ ልቀይር አልኩ።
«ና ቁጭ በል እንጂ! ምን ያስሮጥሃል?»
ተቀመጥኩ። ስለ ወገቤ ጠየቀኝ፣ ስለ ልጆቹ ጠየቀኝ። ስለ ሱቁ አንድም አላነሳንም። ወደ መንገዱ እያየ፣
«ልጄ ሐኪም ቤት ልትወስደኝ ቀጠሮ ይዛ ነበር» አለ። «አባዬ አእምሮህ እየደከመ ነው ብላ። እኔም እኮ... ወረቀቱን ሳላስገባው አስገባሁ ብዬ ይሆን እያልኩ ራሴን መጠርጠር ጀምሬ ነበር።»
ከአጠገቡ አልተነሳሁም። ክሩን ሳልገዛ ክር ሻጩ ሱቁን ዘጋ።