የቅርጫቱ ሌላኛው ጫፍ

ሚያዝያ 12
ዝናቡ አባራ። ሻይ ለቀማ ተጀመረ። ጠዋት ከተራራው ለቀምኩ። ከሰዓት ከባሌ ከባዎሊን ጋር ከተማ ወርደን የፍቺ ማመልከቻ አስገባን። ተራ ቀን።
«ሕጉ አንድ ወር ቀዝቀዝ በሉ ይላል» አለች ጸሐፊዋ። እኛን? ከዚህ በላይ ብንቀዘቅዝ እንደ ፍሪጅ ዓሣ ያስቀምጡብናል።
«ምን አጣላችሁ?»
«አልተጣላንም» አለ ባዎሊን። እውነቱን ነው። ለመጣላትም ወሬ ያስፈልጋል።

ሚያዝያ 16
የመጨረሻው እሳት፣ ሻዩ የሚደርቅበት። ትልቁን ቅርጫት ግራና ቀኝ ይዘን ፍሙ ላይ ማሳረፍ፣ ወዲያው አንስቶ መሮጥ፣ ቅጠሉን ማገላበጥ፣ መመለስ... ቅጠሉ አመዳይ የመሰለ ነጭ እስኪያወጣ። እርምጃ ካልገጠመ ሻዩ አመድ ነው።
እሱ «አንሺ» ይላል። እኔ «አውርድ» እላለሁ። ሦስት ዓመት ሙሉ ትዳራችን ይኸው ነው።
ጎረቤቴ እትዬ ታው አላስቻላትም። «ከተፋታችሁ ያንን ጫፍ ማን ሊይዝልሽ ነው?»
«አንቺ።»
«እኔ? በዚህ ቁመቴ? ሻዩ ሁሉ ተንሸራቶ እላዬ ላይ ያልቃል!»
ባል እንኳ ይተካ ይሆናል። ለቅርጫቱ ግን ማን አለ?

ሚያዝያ 21
ከቅርስ ጽሕፈት ቤት ሺ የሚባለው ልጅ መጣ። በሻይ በዓሉ ቀን «እርምጃቸው የገጠመ ጥንዶች» ተብለን እንቀረጻለን። የሻይ ቅርስ ማለት እኛ ነን አሉ።
«ልንፋታ ነው» አልኩት።
ደነገጠ። «እትዬ ሱዩን፣ ፖስተሩ እኮ ታትሟል!»
«አይዞህ፣ ፖስተሩን አናፋታውም።»

ሚያዝያ 24
በዓሉ። ካሜራ፣ ጃንጥላ፣ ንግግር። ሺ ይጮኻል፦ «ቀስ በሉ! ፈገግ! ተያዩ!» እሳት ቀስ በል ቢሉት ይሰማል?
ተያየን። ቅጠሉ ሸተተን። ማንም «አንሺ» ሳይል እኩል አነሳን፤ ሺን ገፍትረን ሮጥን። ሻዩ ተረፈ። ባዎሊን የሳቀ መሰለኝ... ወይስ ጭሱ ነው?
ሕዝቡ አጨበጨበ። እኔ ግን ምንም አልተሰማኝም። እጄን አየሁት። የሌላ ሰው እጅ ይመስል ነበር።

ግንቦት 14
የፍቺ ወረቀታችንን ወሰድን። ስንገባ በር ላይ ዘበኛው አካሄዳችንን አይቶ «ለጋብቻ በስተቀኝ ነው» አለን። «ለፍቺ ነው» አልን፣ እኩል።
ባዎሊን ልብሱን በጆንያ ይዞ ወንድሙ ጋ ሄደ። እራት በላሁ። ጨው እንዳልነበረው ያወቅሁት ሳህኑን ሳጥብ ነው።

ግንቦት 15
በር ተንኳኳ። በዚህ መንደር ማን ያንኳኳል? ባዎሊን። ደጅ ቆሞ፣ እግሩን ጠርጎ።
«እሳት ያላየ አንድ ዙር ሻይ ይቀርሻል» አለ።
ሠራነው። ስንጨርስ እንደ እንግዳ ወንበር ሰጠሁት፤ ከዚያው ሻይ ቀዳሁለት። ድሮ ቆሞ ጨልጦ ነበር የሚወጣው። ዛሬ ተቀመጠ።
«ጥሩ ነው።»
«ሻዩ?»
«ሻዩ።» ስኒውን አስቀምጦ... «እንዴት ነሽ?»
ስንት ዓመት ሆነኝ ይህን ከተጠየቅሁ?
«ደክሞኛል» አልኩት።
«እኔም።»
ከዚያ ወሬ። ስለ ወንድሙ ማንኮራፋት፣ ስለ ሺ አወዳደቅ። ሁለተኛ ቀዳሁ። ሦስተኛም። ሲስቅ ጥርሱ አንዱ ጎድሏል። መቼ ወለቀ?
ሲወጣ «ነገስ ልምጣ?» አለ።
«እንደፈለግህ።»
በሩን ቆለፍኩት። ሌባ ፈርቼ አይደለም። ክፍት ካገኘው ሳያንኳኳ ይገባል... እንደ ባል።