ከፊልሙ ይውጣ የተባለው ሳቅ

ውድ ወንድሜ ኤክሃርት፣

እንደምን ከርመሃል? ወገብህስ ተሻለህ? ባለቤትህ ሞሪንና ልጆቹ ደህና ናቸው? የአውስትራሊያው ሙቀት ከቤት አላስወጣ እንዳላችሁ ከጻፍክልን ወዲህ እማማ ስትጨነቅ ሰንብታለች። እኛ እግዚአብሔር ይመስገን ደህና ነን። እማማ ጉልበቷ ደከመ እንጂ ምላሷስ ምንም አልሆነ።

እንዳትደነግጥ፤ ከቴሌቪዥን ጣቢያው ሥራዬን ለቅቄያለሁ። ነገሩን ከሥሩ ላጫውትህ።

ከቤታቸው ስለተባረሩት የሃምቡርግ ተከራዮች፣ ቀጥሎም በአንድ ክፍል ታጭቀው ስለሚያድሩት የቱርክ ሠራተኞች ፊልም መሥራቴን ጽፌልህ ነበር። ሁለቱም ተላልፈው ብዙ ሰው አልቅሶባቸዋል። ባለፈው ክረምት ደግሞ በዕረፍቴ የራሴን ካሜራ ይዤ እዚሁ ወደቡ አጠገብ ካለው የዓሣ ፋብሪካ ገባሁ። ሴቶቹ ቀኑን ሙሉ በበረዶ ውሃ ዓሣ ሲበልቱ ይውላሉ፤ ጣታቸው አብጦ ቀለበት አያስገባም። የሚጠይቁት እጃቸውን የሚያሞቁበት ውሃና ደህና ጓንት ነበር። ግን ኤክሃርት፣ ወሬያቸውን ብትሰማ! ባሎቻቸውን ሲያሙ፣ አለቃቸውን ሲያስመስሉ፣ በሳቅ ብዛት ካሜራው ከእጄ ሊወድቅ ነበር።

የጣቢያው ኃላፊ አቶ ብሮክዚፐር ፊልሙን አይቶ ፊቱን አጨማደደ። «ሴቶቹ ሳቅ አብዝተዋል። እንዲህ ለሚስቅ ሰው ማን ያዝናል? ሳቁን ቁረጪውና ይተላለፋል» አለኝ። ሄጄ ለሴቶቹ ነገርኳቸው። አንጋፋቸው ጌዚነ ቢላዋዋን እንኳ ሳታስቀምጥ «ለቅሶ ካማረው ቀብር ይሂዳ! እኛ የጠየቅነው ሙቅ ውሃ ነው፤ እንባ ነው እንዴ?» አለች። በማግስቱ አንዲትም ሳቅ አልቆርጥም አልኩት። «እንግዲያው ሌላ ጣቢያ ፈልጊ» አለኝ። ፊልሜን ታቅፌ ወጣሁ። እውነቱን ልንገርህ፣ ደረጃውን ስወርድ በዚህ ዕድሜዬ ማን ይቀጥረኛል ብዬ ፈርቻለሁ።

ሴቶቹ የቤተ ክርስቲያኑን አዳራሽ ለምነው አገኙና እሑድ ከሰዓት ፊልሙን አሳየን። የወደብ ሠራተኛው ሁሉ መጣ፤ የፋብሪካው ባለቤት ሚስት እንኳ አልቀረችም። መጀመሪያ ከሁሉም በላይ የሳቀችው እሷ ናት። የጌዚነ ጣቶች በቅርብ ሲታዩ ግን የራሷን እጆች ካፖርቷ ኪስ ከተተች። ፊልሙ ሲያልቅ ጌዚነ ዞር ብላ «እመቤቴ፣ እርስዎ ቤት ሙቅ ውሃ አለ?» ስትላት ሴትዮዋ ፊቷ ቀላ። ከፋሲካ በፊት ቧንቧው ተተከለ፤ ጓንቱም መጣ።

ከዚያ ወዲህ ከኪልና ከኩክስሃፈን ከተሞች «ወደ እኛም አምጪው» እያሉ ይጠሩኛል። እኔና እማማ በአሮጌዋ መኪና እየዞርን እናሳያለን። እሷ በሩ ላይ ተቀምጣ ለሚገባው ሁሉ «የሠራችው የኔ ልጅ ናት» ትላለች። በመጨረሻ አቶ ብሮክዚፐር ደውሎ ፊልሙ ሳይነካ እንደሚተላለፍ፣ እኔም ወደ ሥራዬ ብመለስ ደስ እንደሚለው ነገረኝ። ፊልሙን ሰጠሁት፤ ራሴን ግን አልሰጠሁትም። የሆስፒታል ልብስ አጣቢዎች ጠርተውኛል፣ የእነሱን ፊልም ሰኞ እጀምራለሁ።

ሞሪንን ሳምልኝ። ትንሿ ሄዘር ጥርሷ በቀለ ወይ? ለኮሊንም የአክስቱን ናፍቆት ንገርልኝ። እማማ አጠገቤ ሆና «ቶሎ መጥቶ መኪናውን ይንዳልን፤ እሷ ስትነዳ ነፍሴ ልትወጣ ነው በይልኝ» ትላለች።

እህትህ ቪብከ
ብሬመርሃፈን፣ ሚያዝያ 1979